በማስመሪያ የተሰረዘችው አንቀጽ

ስሚኝማ የኔ ቆንጆ፣ ዛሬ አንቺ ካልሰማሽኝ እፈነዳለሁ። ደሞ አታቋርጪኝ፣ «ቆይ ቆይ፣ ከመጀመሪያው» እያልሽ ወደ ኋላ አትመልሺኝ። ጠዋት ምን ቀሰቀሰኝ መሰለሽ? ካውያ። ጭስስ የሚል የካውያ ድምፅ። እኛ ቤት ካውያ የምትይዘው እማዬ ናት፣ እሷ ደሞ በዚያ ሰዓት ደጅ እሳት ታያይዛለች። ወጥቼ ሳይ አባዬ ነው። የምግብ ጠረጴዛው ላይ ብርድ ልብስ አንጥፎ፣ ውሃ በአፉ እፍፍ እያለ እየረጨ፣ ግራጫ ጋዋኑን ይተኩሳል። የግምጃ ቤት ጋዋኑን! ከሥራ ካሰናበቱት ስምንት ወር የሆነው ሰውዬ። ደረት ኪሱ ላይ የቀለም ነጠብጣብ አለች፣ እስኪብርቶ ፈንድቶበት የቀረች፣ እሷን በካውያው ጫፍ ደጋግሞ ይጫናታል፣ የምትለቅ ይመስል። እማዬ በሩ ላይ መጥታ ቆመች።

«ኢቲቻ፣ ፍርድ ቤት እኮ ነው የምትሄደው።»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ኮትህስ?»

«ከተወሰነልኝ ከሰዓት እገባለሁ» አለ። ቀና እንኳን አላለም። ሥራውን ማለቱ ነው። እማዬ ልትስቅ ነው ወይስ ልታለቅስ ሳይገባኝ ተመልሳ ወጣች።

ቤታችንን ታውቂው የለ፣ ከዓለም ገና ትንሽ ወደ ሰበታ ስትሄጂ፣ ከአስፋልቱ ገባ ብሎ። ሁለት ክፍል ናት፣ ሰሞኑን ደሞ አንዱን ክፍል የጠላው በርሜል ይዞታል። የኔ ፍራሽ ራስጌ ነው የተቀመጠው፣ ሌሊቱን ሙሉ ቡልቅ ቡልቅ ሲል እሰማዋለሁ፣ ፀጉሬ ራሱ ጌሾ ጌሾ ይሸታል። ለምን ብትይ፣ ሐሙስ ሃያ አንድ ማርያም ናት፣ የዚህ ወር ማህበር ደሞ ተረኞች እኛ ነን። ማህበርተኞቹ አስራ ሁለት ቤት ናቸው፣ በየወሩ እየዞሩ ጽዋ ይጠጣሉ። የማህበሩ ሙሴ ማለትም አለቃው፣ የተጣላውን የሚያስታርቀው፣ አቤራ ጉታ ነው፣ የአባዬ ታላቅ ወንድም። ግቢያችን አንድ ነው፣ የሱ ቤት ከኋላ ነው። ከማህበርተኞቹ አንዱ ደሞ አቶ ብዙነህ ነው። አቶ ብዙነህን ያዢልኝ።

አቶ ብዙነህ እነ አባዬ መሥሪያ ቤት ውስጥ አለቃ ነገር ነው። የመሥሪያ ቤቱን ስም አልጠራልሽም፣ በቃ የመንግሥት ነው። አንድ ዓርብ ከሰዓት ግምጃ ቤት ሊዘጋ ሲል አቶ ብዙነህ ደወለለት። የመስክ መኪና መንገድ ላይ ቆሟል፣ አራት አዲስ ጎማ ስጣቸው፣ ወረቀቱን ሰኞ እፈርምልሃለሁ አለው። ሞዴል ሃያ ሁለት የሚባል የወጪ ወረቀት አለ፣ ያለሱ ሚስማር እንኳን ከግምጃ ቤት አይወጣም። አባዬ ደሞ አስራ ዘጠኝ ዓመት ያለሱ ሚስማር አውጥቶ አያውቅም። ግን ያዘዘው አለቃው ነው፣ ማህበርተኛው ነው፣ ሰጠ። ሰኞ ወረቀት የለም። ማክሰኞ የለም። ኦዲት መጣ፣ ጎማ የለም። አባዬ ተከሰሰ። የዲሲፕሊን ኮሚቴው ሰብሳቢ ማን መሰለሽ? አቶ ብዙነህ! ራሱ ያዘዘው ሰውዬ ጠያቂ ሆኖ ቁጭ።

ይኸውልሽ እኔ የገባሁበት እዚህ ጋ ነው። ክሱ በጽሑፍ መጣ፣ መልስም በጽሑፍ ስጥ ተባለ። የመሥሪያ ቤቱ ወረቀት ሁሉ በኦሮምኛ ነው፣ በቁቤ፣ በላቲኑ ፊደል። አባዬ ኦሮምኛ አፉን የፈታበት ነው፣ ግን የተማረው በደርግ ጊዜ በአማርኛ ስለሆነ ቁቤ ያነባል እንጂ ሲጽፍ አንድ መስመር ሩብ ሰዓት ይፈጅበታል። ስለዚህ ጸሐፊው እኔ ነኝ። የቀበሌ ማመልከቻ፣ የመብራት አቤቱታ፣ ሁሉንም እኔ ነኝ የምጽፍለት። ያኔ አስራ ሁለተኛ ክፍል ነበርኩ፣ ለፈተና ልሞት ደርሼ። (ውጤቴን እንዳትጠይቂኝ።) የባዮሎጂ ደብተሬ ጀርባ ላይ ረቂቁን እሱ እየነገረኝ ጻፍኩ። ሦስት አንቀጽ። ሦስተኛዋ ምን ትላለች፣ «ጎማውን እንድሰጥ በስልክ ያዘዙኝ የኮሚቴው ሰብሳቢ ራሳቸው ስለሆኑ ጉዳዬን እንዳያዩብኝ እቃወማለሁ።» እንዲህ በግልጽ! ወደ ንጹሕ ወረቀት ልገለብጥ ስል አቤራ ጉታ ገባ። አንብቢልኝ አለ፣ አነበብኩለት። ሦስተኛዋ ጋ ስደርስ እጁን አነሳ።

«ሰርዢያት፣ ኢንተላ ኮ» አለ፣ ልጄ ማለቱ ነው። «ጽዋ አብሮ የሚጠጣ ሰው በወረቀት አይካሰስም።»

አባዬን አየሁት። አባዬ መሬት መሬት ያያል። አቤራ ቀጠለ፣ ከብዙነህ ጋር ተነጋግሬያለሁ፣ እሁድ ቤቱ ድረስ ሄጄ በማርያም ምሎልኛል፣ ኢቲቻ ጣቱን አይቀስርብኝ፣ አጥፍቻለሁ ይቅርታ ይበልና በአንድ ወር ደሞዝ ቅጣት እጨርሰዋለሁ ብሎኛል አለ። ማህበር ላይ እንደዚያ ነዋ። የተጣላ ሰው ጽዋ አይቀምስም፣ ሙሴው መሀል ይገባል፣ ጥፋት ያለበትም የሌለበትም ሁለቱም «አጥፍቻለሁ» ይላሉ፣ ጉልበት ይሳሳማሉ፣ አለቀ። ማን አጠፋ ብሎ የሚጠይቅ የለም። እኔም ማስመሪያዬን አወጣሁና፣ የሴል ሥዕል እንደማሰምር፣ ቀጥ አድርጌ ሰረዝኳት። በሷ ቦታ «አጥፍቻለሁ፣ ይቅርታ ይደረግልኝ» ብዬ ጻፍኩ። በቆንጆ ጽሕፈት። ኮሚቴው የምሩን የአንድ ወር ቅጣት ብሎ ጽፎ ላከ አሉ፣ አቶ ብዙነህ አልዋሸም ማለት ነው። ግን የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ አዲስ ሰው ነው፣ ማህበርም ምንም አያውቅም፣ ወረቀቱን አየና «ሰውየው ራሱ አምኗል» ብሎ ስንብት አደረገው። በአስራ ዘጠኝ ዓመቱ።

ከዚያ ወዲህ አባዬና አቤራ ስለዚህ ነገር አንድ ቃል አልተነጋገሩም። አልተኮራረፉም እኮ! በግ ይታረዳል፣ አብረው ይገፍፋሉ። መብራት ሲጠፋ አንዱ ላንዱ ሻማ ይልካል። በቃ ይሄ ነገር ብቻ መሀላቸው ይቀመጣል፣ እንደ ጠላው በርሜል፣ ዞረውት ያልፋሉ። ይግባኙን የጻፈችልን ናዝራዊት ናት፣ ሰበታ ፎቶ ኮፒ ቤት ያላት፣ ማመልከቻ የምትጽፈው። እሷ ናት «እንዴ፣ ያዘዘው ሰውዬ ራሱ ሰብሳቢ ከሆነማ ይሄ ትልቅ ነጥብ ነው» ብላ አንደኛ ተራ ላይ ያስገባችው። ያን ቀን አቤራም ነበረ። ከዘራውን ከቀኝ እጁ ወደ ግራ አዞረ።

እና ዛሬ ሦስታችን ሄድን። አቤራ በጠዋት ነጭ ጋቢውን ለብሶ በሩ ላይ ቆመ፣ «አካም ቡልተን»፣ እንዴት አደራችሁ አለ፣ «ነጋ»፣ ደህና አልነው፣ በቃ እሷ ናት ወሬያችን። ለምን እንደሚመጣ ማንም አልጠየቀውም። እኔ ደሞ የባዮሎጂ ደብተሬን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼያለሁ። ለማንም አልተናገርኩም። ፊልም ላይ መጨረሻ ላይ መረጃ ይዛ እንደምትገባዋ ልጅ ነበር የመሰለኝ። በባጃጅ እስከ አስፋልት ሃያ ሃያ ብር፣ ከዚያ እስከ አየር ጤና በሚኒባስ። ረዳቱ «አባት፣ ጋዋን ያጠለቁት፣ ሐኪም ኖት እንዴ? ወገቤን እዩልኝ» ብሎ ታክሲውን አሳቀው። አባዬም ሳቀ። «እኔ የማየው የጎማ ወገብ ነው» አለው። ከስምንት ወር ወዲህ ሲቀልድ ስሰማው የመጀመሪያው ነው፣ አምላኬ ዛሬ እናሸንፋለን ማለት ነው አልኩ።

ችሎት ሲሉሽ ትልቅ ነገር እንዳይመስልሽ። ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለ ቢሮ ነው፣ የፕላስቲክ ወንበር የተደረደረበት፣ ጥግ ላይ ውሃ የሌለው የውሃ ማሽን የቆመበት። ዳኞቹ ሦስት ናቸው፣ መሀል ላይ ሴት ናት፣ መነጽሯን በክር አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች። ቁጡ ብትሆን ይሻለኝ ነበር። ግን ድምጿ የእማዬ እህት ድምፅ ነው የሚመስለው፣ ለስለስ ያለ። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ወጣት ልጅ ነው፣ ጫማው የሚያብረቀርቅ፣ አባዬን ሲያየው ከወንበሩ ብድግ ብሎ ሰላም አለው፣ ከግምጃ ቤት ወንበር ያወጣለት አባዬ ነበራ። ንግግሩ ሁሉ በኦሮምኛ ነው፣ እኔ ላንቺ በአማርኛ እያደረግኩልሽ ነው። ነገረ ፈጁ ተነሳና ብዙ አላለም። ስለ ሰብሳቢው የተነሳው መቃወሚያ ኮሚቴው ፊት አልተነሳም፣ በሥር ያልተነሳ መቃወሚያ በይግባኝ እንደ አዲስ አይነሳም፣ የመልሱ ወረቀት ፋይሉ ውስጥ አለ፣ ይታይልኝ አለ። ተቀመጠ። ሁለት ደቂቃ እንኳን አልፈጀበትም።

ዳኛዋ ፋይሉን ገለበጠች፣ ወረቀቷን አወጣች። ከኋላ ወንበር ሆኜ አወቅኳት። የኔን ጽሕፈት የማላውቅ! መነጽሯን አደረገችና ትንሽ ፈገግ አለች። «እንዴት ያለ ያማረ ጽሕፈት ነው። ማን ጻፈው?»

«ልጄ ናት» አለ አባዬ። ኮራ ብሎ ነው ያለው፣ ያቺ ናት የገደለችኝ።

«ጎበዝ። እዚህ ላይ አጥፍቻለሁ፣ ይቅርታ ይደረግልኝ ነው የሚለው። ስለ ሰብሳቢው አንድም ነገር የለም።» ወረቀቷን አስቀመጠች። «ያኔ ለምን አላላችሁም?»

አባዬ የጋዋኑን ቁልፍ ይነካካል፣ ይከፍታል፣ ይዘጋል። እኔ በልቤ ተናገር ተናገር እላለሁ። በመጨረሻ «ክብርት ዳኛ፣ ማህበርተኛ ነን» አለ።

«ምን?»

«የማርያም ማህበር። አብረን ነው የምንጠጣው።»

ነገረ ፈጁ ወረቀቱ ውስጥ አቀረቀረ፣ እየሳቀ እንደሆነ ትከሻው ያስታውቃል። ዳኛዋ ግን አልሳቀችም። «ይገባኛል» አለች። «እኔም ማህበር አለኝ። ግን እሱን እዚህ የምጽፍበት ቦታ የለኝም።»

ይሄኔ አቤራ ጉታ ተነሳ። በከዘራው ተደግፎ፣ ጋቢው ከትከሻው እየወረደ። «እኔ ነኝ ሰርዢ ያልኳት፣ እሱ ምንም አላደረገም፣ እኔ ታላቁ ነኝ» ብሎ ጀመረ። ዳኛዋ «አባቴ ይቀመጡ፣ እርስዎ ተከራካሪ አይደሉም» አለችው። እሱ ያልሰማ መስሎ «በማርያም ምሎልኝ ነው» አለ። ሥነ ሥርዓት አስከባሪው መጥቶ ክንዱን ያዘው፣ ቀስ አድርጎ፣ እንደ አባት ነው የያዘው፣ አልዋሽም። አቤራ ጉታ ስንት ሰው ያስታረቀ ሰው ነው። ሰበታ ውስጥ እሱ ሲነሳ ሌላው ዝም ነው የሚለው። እዚያ ግን የፕላስቲክ ወንበር ላይ ቁጭ ሲል ከዘራው ከእጁ ወድቆ ኳ አለ፣ ለማንሳት ያጎነበሰው አባዬ ነው።

እኔ አልቻልኩም። ተነሳሁ። «ማስረጃ አለኝ!» አልኩ፣ ደብተሬን ከፍ አድርጌ። አሁን ሳስበው ሼም ይይዘኛል፣ የጀርባው ሽፋን ላይ የዘፋኝ ስቲከር ሁሉ አለበት። አባዬ ዞሮ ሲያየኝ ዓይኑ ፈጠጠ። ዳኛዋ አምጪው አለች፣ ሥነ ሥርዓት አስከባሪው ወሰደላት። ገለጠች። በማስመሪያ የተሰረዘችውን አንቀጽ በጣቷ እየተከተለች አነበበቻት። ለግራና ለቀኙ ዳኛም አሳየቻቸው። እኔ በቃ፣ ተነበበች! ተነበበችልን! እያልኩ ነው።

«ይሄ መቼ ነው የተጻፈው?»

«መልሱን ከማስገባታችን በፊት፣ በዋዜማው!»

«ስለዚህ አባትሽ ሰብሳቢውን መቃወም እንደሚችሉ ያኔም ያውቁ ነበር?»

«አዎ! ያውቅ ነበር!» አልኩ። ክፍል ውስጥ ጥያቄ የመለስኩ ይመስል፣ በደስታ።

ነገረ ፈጁ ቶሎ ብሎ የሆነ ነገር ጻፈ። ዳኛዋ መነጽሯን አውልቃ አየችኝ። የተቆጣችኝ ነበር የመሰለኝ፣ አይደለም፣ ያዘነችልኝ ነው። «የኔ ልጅ» አለች፣ «አባትሽ መቃወም እንደሚችሉ ያኔ ባያውቁ ኖሮ፣ በኋላ የደረሱበት ነገር ቢሆን ኖሮ፣ ልናየው እንችል ነበር። እያወቁ የተዉትን ግን አሁን ላነሳላቸው አልችልም።» ደብተሬን ዘግታ መለሰችልኝ። ከዚያ ጸሐፊዋን አዲሱ መቃወሚያ ውድቅ ነው በይ አለቻት፣ ቀሪውን መዝገቡ ላይ ባለው አይተን ዘጠኝ ሰዓት እንነግራችኋለን አለችን። መዝገቡ ላይ ያለው ምንድነው? «አጥፍቻለሁ» ነው። ሌላ ምንም የለም። በኔ ጽሕፈት።

ገባሽ አይደል ምን እንዳደረግኩ? ዝም ብል ኖሮ አባዬ ምናልባት መቃወም እንደምችል አላውቅም ነበር ይላል። ምናልባት። አባዬ አይዋሽም እንኳን፣ ግን እንጃ። ከፎቁ ስንወርድ እጄን ያዘኝና «ደብተርሽን ቦርሳ ውስጥ ክተቺ፣ ይጣጠፍብሻል» አለኝ። ይሄን ብቻ። ቢቆጣኝ ምናለ?

እስከ ዘጠኝ ሰዓት የምንቆይበት አጣን። ከሕንፃው ጀርባ የላስቲክ ምግብ ቤት አለች፣ ሽሮ መቶ ሰላሳ ብር ይላል ግድግዳው ላይ፣ ሦስቱ ተሰርዞ በሱ ላይ አራት ተጽፏል። አንድ ሽሮ ለሦስት አዘዝን። አስተናጋጇ ስታስቀምጥ «ጋሼ ጋዋኖት እንዳይነካ» ብላ ሶፍት ሰጠችው፣ አባዬ ደረቱ ላይ እንደ ሕፃን አደረገው። አቤራ አንድ ጉርሻ በላና አቆመ። ብዙ ሰው ያወራል፣ ሬዲዮ ኳስ ያወራል፣ ጠረጴዛው አንድ እግሩ አጭር ነው፣ ይወዛወዛል። አቤራ ወረቀት አጣጥፎ ከሥሩ ሊያደርግ ጎንበስ አለ፣ አልሆን አለው፣ አባዬ ወርዶ አደረገለት። ጎንበስ እንዳሉ ነው አቤራ የተናገረው፣ ፊት ለፊት እንዳይተያዩ ይሆናል።

«ኢቲቻ። ተቀየምከኝ?»

«ኧረ» አለ አባዬ። ተነስቶ ጉልበቱን አራገፈ። ሽሮውን ወደ አቤራ ገፋለት። ሽሮው ቀዘቀዘ፣ ከፈልን፣ ወጣን።

ዘጠኝ ሰዓት ያለችው ዘጠኝ ተኩል ሆነ። ቆማችሁ ስሙ ተባለ። ዳኛዋ ወረቀቱን ቶሎ ቶሎ አነበበችው፣ ቁጥር፣ አንቀጽ፣ ምናምን፣ መጨረሻ ላይ የመሥሪያ ቤቱ ውሳኔ ጸንቷል። አባዬ እጅ ነሳ። ለምን እጅ እንደነሳ እንጃ፣ የለመደው ነው። ነገረ ፈጁ ሲወጣ «ኦቦ ኢቲቻ፣ አይዞን፣ ሥራ ሆኖብኝ ነው» አለው። አባዬም «ምን ታደርግ ልጄ፣ አንተም የታዘዝከውን ነው» አለው። ያንን ሲለው ወደ ደረጃው ዞርኩ።

ስንመለስ ታክሲው ውስጥ የማንም ወገብ አልታየም። ዓለም ገና ጋ ስንወርድ ፀሐይ ገና አለች፣ የጭነት መኪናው አቧራውን ያስነሳል። ግቢው በር ላይ አቤራ ቆም አለና «ማርያም ሐሙስ ናት» አለ። አባዬ «አውቃለሁ፣ ጠላው ደርሷል» አለው። አቤራ ወደ ኋላ ቤቱ ሄደ። እማዬ ከቤት ወጣች፣ አባዬን አየችው፣ ጋዋኑን አየችው፣ ውሃ ቀዳችለት። እሱ እጁን ታጠበ፣ ገባ፣ ጋዋኑን ሳያወልቅ ቡፌውን ከፈተና የማህበሩን ብርጭቆዎች አንድ በአንድ እያወጣ ጠረጴዛው ላይ መደርደር ጀመረ። በመስመር፣ ሦስት ሦስት፣ ግምጃ ቤት ዕቃ ሲቆጥር እንደሚያደርገው፣ አንዷን ወደ መስኮቱ ከፍ አድርጎ ስንጥቅ እንዳላት ያያል። እማዬ በሩ ላይ ቆማ፣ ጠዋት የቆመችበት ቦታ ላይ፣ በቀስታ «የብዙነህንም ነው?» አለችው።

«አስራ ሁለት ነን» አለ። አስራ ሁለተኛዋን አስቀመጠ።

እኔ ፍራሼ ላይ ገባሁ። በርሜሉ ራስጌዬ ቡልቅ ቡልቅ ይላል። ደብተሩን አወጣሁት፣ ገለጥኩት፣ መስመሯ እንዴት ቀጥ ብላለች፣ አንዲት ቦታ እንኳን አልተንጋደደችም። ከዚያ ስልኬን አነሳሁና ለያኔት ድምፄን ቀድቼ ላክሁላት፣ አራት ደቂቃ ከምናምን፣ ሁሉንም፣ ጋዋኑን፣ ደብተሩን፣ ከዘራውን፣ ብርጭቆውን፣ እያለቀስኩ ነው የላክሁላት። ሰማችው። ስትጽፍ፣ ስታቆም፣ ስትጽፍ አያታለሁ። ያኔት እኮ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ ጓደኛዬ ናት፣ ከማንም በላይ የምትወደኝ እሷ ናት። የመለሰችልኝን እንዳለ ልንገርሽ፣

«ውይ ሄሚዬ፣ አባትሽ ሲያሳዝኑኝ። ግን ያኔ ለምን አላላችሁም?»